ገብረ ክርስቶስ ደስታ፦ ሰፊ መንገድ የጠየቀው ሰዓሊ

ከፌርፋክስ፣ ሎስ አንጀለስ

ሰዓሊና ገጣሚ ገብረ ክርስቶስ ደስታ እ.ኤ.አ. በማርች 1981 ላውተን በምትባል የኦክላሆማ ከተማ አረፈ። ዕድሜው ገና ሃምሳ አልሞላም ነበር። «ሀገሬ» የሚለውን ግጥም የጻፈው፣ የአገር ናፍቆት ሲነሳ ስሙ በመጀመሪያ የሚጠራው ሰው፣ እንደ ብዙዎቻችን ስደተኛ ሆኖ በሰው አገር ቀረ። የዛሬው ጽሑፌ የእርሱን ሕይወት ይመለከታል። በጽሑፉ ውስጥ የሚነሱት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ይያዝልኝ።

ስለ ፖለቲካ በሚጻፍበት ገጽ ላይ የሰዓሊ ታሪክ ምን ያደርጋል የሚል አንባቢ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። እስከ መጨረሻው ይከተለኝ። እኛ እዚህ ሎስ አንጀለስ የምንኖር ኢትዮጵያውያን የምንገናኝበት የፌርፋክስ መንገድ፣ በኦሊምፒክና በፒኮ ጎዳናዎች መካከል ያለው ክፍሉ፣ በ2002 በከተማው አስተዳደር «ትንሿ ኢትዮጵያ» ተብሎ ተሰይሟል። ከዚያ ወደ ሰሜን በእግር ከግማሽ ሰዓት በማይበልጥ ርቀት፣ በዊልሸር ጎዳና ላይ የሎስ አንጀለስ ካውንቲ የሥነ ጥበብ ሙዚየም ይገኛል። ይህ ሙዚየም በ1970 መጨረሻና በ1971 መጀመሪያ የኩቢዝምን ዘመን የሚያሳይ ታላቅ ኤግዚቢሽን አቅርቦ ነበር። በ2019 ደግሞ በአዲስ አበባ የተወለደችውን የጁሊ ምሕረቱን ግዙፍ ረቂቅ ሥዕሎች ሰቅሎ አሳየ። በእነዚህ በሁለቱ ኤግዚቢሽኖች መካከል ያለውን ድልድይ በአገራችን መሬት ላይ ከዘረጉት ሰዎች የመጀመሪያው ገብረ ክርስቶስ ደስታ ነው።

ስለ ዘመናዊ ሥዕል ወሬ በተነሳ ቁጥር ከእኛ መካከል ሁለት አስተያየቶች ይሰማሉ። አንደኛው፣ ይህማ ሕፃን ልጅ የሚሞነጫጭረው ነው የሚል ነው። ሁለተኛው፣ የፈረንጅ ጣጣ ነው፣ ለኢትዮጵያዊ ምኑ ነው የሚል ነው። ገብረ ክርስቶስ ሁለቱንም በሕይወት ሳለ ጠግቦ ሰምቷል። ይህ ጸሐፊ ሁለቱም ስሕተት ናቸው ይላል። ሁለተኛው ግን ከስሕተትም ያልፋል፤ አደገኛ ነው። ምክንያቱን ለማስረዳት ከራሱ ከኩቢዝም መነሳት ግድ ይሆናል።

ኩቢዝም ምን አመጣ?

ኩብ ማለት እንደ ስኳር ድንጋይ ስድስት ገጽ ያለው ቅርጽ ነው። ስያሜው የመጣው ከፌዝ ነው። በ1908 ዦርዥ ብራክ የተባለው ፈረንሳዊ ሰዓሊ ቤቱንና ዛፉን ሁሉ በማዕዘንና በጠርዝ ሠርቶ ፓሪስ ላይ ሲያሳይ፣ ሉዊ ቮክሴል የተባለ የጋዜጣ ሐያሲ ሁሉን ነገር ወደ ኩብ ለወጠው ብሎ ቀለደ። ቀልዱ ስም ሆኖ ቀረ። ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ፣ በ1907፣ ስፔናዊው ፓብሎ ፒካሶ አምስት ሴቶችን እንደ ተሰባበረ መስታወት አድርጎ የሳለበትን ሥዕል ሠርቶ ወዳጆቹን ሳይቀር አስደንግጦ ነበር።

ነገሩ ቀላል አልነበረም። ከአራት መቶ ዓመታት በላይ የአውሮፓ ሥዕል የቆመው በአንድ ሕግ ላይ ነበር። ሰዓሊው አንድ ቦታ ቆሞ፣ በአንድ ቅጽበት፣ በአንድ ዓይን እንደሚያይ ሰው ሆኖ ይሥላል። የራቀው ያንሳል፣ የቀረበው ይተልቃል፤ ሸራው እንደ መስኮት ይቆጠራል። ኩቢዝም ይህን መስኮት ሰበረው። አንድን ጀበና ከላይ፣ ከጎን፣ ከፊት እያየን ነው የምናውቀው፤ ታዲያ ሥዕሉ ላይ ለምን አንድ ጎኑ ብቻ ይታያል? ፒካሶና ብራክ ሁሉንም ጎን በአንድ ሸራ ላይ አመጡት። ከ1912 ጀምሮ ደግሞ የጋዜጣ ቁራጭና የግድግዳ ወረቀት ሸራው ላይ እየለጠፉ፣ ሥዕል የዓለም ግልባጭ ሳይሆን ራሱን የቻለ ነገር መሆኑን አስመሰከሩ።

ከዚያ በኋላ የመጣው ሁሉ በዚህ በር ያለፈ ወይም ከበሩ ጋር የተከራከረ ነው ማለት ይቻላል። የኢጣሊያ ፉቱሪስቶች ፍጥነትን ለማሳየት የኩቢዝምን ስብርባሪ ተጠቀሙ። ሆላንዳዊው ሞንድሪያን ፓሪስ መጥቶ ኩቢዝምን ከተማረ በኋላ ዛፉን እያቀለለ እያቀለለ ወደ መስመርና ወደ አራት ማዕዘን አደረሰው። ሩሲያዊው ማሌቪች በ1915 አንድ ጥቁር አራት ማዕዘን ሥሎ ሰቀለ። ወደ ረቂቁ ሥዕል የሚወስድ ሌላ መንገድም ነበር። ሙኒክ ይኖር የነበረው ካንዲንስኪ ከቅርጽ ሳይሆን ከቀለምና ከሙዚቃ ተነስቶ፣ ስሜትን በቀጥታ በቀለም በሚገልጸው በኤክስፕሬሽኒዝም በኩል እዚያው ደረሰ። የእኛው ገብረ ክርስቶስ ኩቢስት አልነበረም፤ የሄደው በዚህኛው፣ በጀርመኖቹ መንገድ ነው። ኩቢዝም ግን የዘመናዊ ሥዕልን ሙግት በጠቅላላ ቀይሮ፣ ሰዓሊ ያየውን የመገልበጥ ግዴታ የለበትም የሚለውን መብት አስከብሮ ስለነበር፣ እርሱ በ1957 አውሮፓ ሲደርስ ትግሉ ያለቀለት ነበር።

ከሐረር እስከ ኮሎኝ

ገብረ ክርስቶስ በ1932 በሐረር ከተማ ተወለደ። አባቱ አለቃ ደስታ የቤተ ክህነት ሰው ነበሩ፤ በብራና ላይ የሃይማኖት መጻሕፍትን ይጽፉ፣ በሐረግና በሥዕል ያስጌጡ ነበር። እናቱ ገና ሕፃን ሳለ ሞቱበት። እንግዲህ ልጁ ቀለም ሲበጠበጥ፣ ብዕር ሲቀረጽ፣ ፊደል ራሱ ሥዕል ሲሆን እያየ ያደገ ነው። ፊደልና ሥዕል በእርሱ ሕይወት ውስጥ ፈጽሞ አልተለያዩም፤ እስከ መጨረሻውም ገጣሚም ሰዓሊም ነበር።

በሐረር ራስ መኰንን ትምህርት ቤት ከተማረ በኋላ ወደ አዲስ አበባ መጣ። ከዚያም ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ገብቶ ሳይንስ ጀመረ። ያን ጊዜ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ የገባ ወጣት ሹመት ደጁ ላይ ቆሞ ይጠብቀው ነበር። እርሱ ግን ልቡ ሥዕል ላይ ስለነበር ትምህርቱን አቋርጦ ወጣ። በዚያ ዘመን ለነበረ ወላጅና ዘመድ ይህ ምን ያህል እብደት እንደሚመስል ለአንባቢ መንገር አያስፈልግም።

በ1957 የትምህርት ዕድል አግኝቶ ወደ ጀርመን፣ ወደ ኮሎኝ ከተማ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ሄደ። ጊዜውና ቦታው ልብ ይባልልኝ። ኮሎኝ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በቦምብ የጋየች ከተማ ነበረች። ናዚዎች በ1937 ሙኒክ ላይ «የተበላሸ ጥበብ» ብለው በሰየሙት ኤግዚቢሽን ዘመናዊ ሥዕሎችን ለመሳለቂያ ሰቅለው ነበር። ጆሴፍ ሃውብሪክ የተባለ የኮሎኝ ጠበቃ ግን ናዚ ያወገዛቸውን ሥዕሎች ሰብስቦ አቆይቶ በ1946 ለከተማው አበረከተ። እነዚህ ሥዕሎች የነበሩበት የከተማው ሙዚየም አዲስ ሕንፃ የተከፈተው ደግሞ ገብረ ክርስቶስ በደረሰበት በዚያው በ1957 ነው። እንግዲህ ወጣቱ ሐረሬ የደረሰው ረቂቅ ሥዕል ከአምባገነንነት የመንጻት ምልክት ተደርጎ በሚታይበት አገርና ሰዓት ነበር። እዚያ የተማረው የቀለም አቀባብ ብቻ አልነበረም። መንግሥት ሸራ ላይ ሲያዝ ምን እንደሚመጣ በዓይኑ ከሚያየው ፍርስራሽም ተምሯል።

እስከ 1961 ተምሮ በከፍተኛ ውጤት ተመረቀ፤ የራሱ የሥራ ክፍል ተሰጠው፤ በዚያው በኮሎኝ የግል ኤግዚቢሽን አሳየ። «ሀገሬ»ንም የጻፈው በዚሁ በጀርመን ቆይታው ነው። ይህ እንዳይዘነጋ። በኋላ ሥዕሉ የፈረንጅ ነው ተብሎ የሚወቀሰው ሰው፣ ለአገሩ አፈርና ማዕረግ እስከ ዛሬ ያልተተካ ግጥም የጻፈው በዚያው ረቂቅ ሥዕል በሚማርበት ክፍል ሳለ ነው። ፈረንጅ አገር መማርና ፈረንጅ መሆን ለየቅል ናቸው።

ተመልሶ ያመጣው

በ1962 አገሩ ገባ። አለ ፈለገ ሰላም ኅሩይ ከጥቂት ዓመታት በፊት በከፈቱት የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት መምህር ሆነ። በ1963 አዲስ አበባ ላይ ሥራዎቹን ሲያሳይ ተመልካቹ ለሁለት ተከፈለ። በዚያው ዓመት የሠራው «ጎልጎታ» የሚባለው ሥዕሉ ሐሳቡን በደንብ ያስረዳል። ስቅለት ለኢትዮጵያዊ ዓይን አዲስ ርዕስ አይደለም፤ በየቤተ ክርስቲያኑ ግድግዳ ላይ አለ። ገብረ ክርስቶስ ግን ርዕሱን ይዞ፣ የተለመደውን አሣሣል ትቶ፣ ሥቃይን በቀይ ቀለም ኃይል አሳየ። ሥዕሉ የስቅለትን ታሪክ ከሚተርክ ይልቅ የስቅለትን ሕመም ያወርድብናል። በ1966 እንደሠራው «አረንጓዴ ረቂቅ» ባሉ ሥዕሎቹ ደግሞ ሰውም ዛፍም የለም፤ ቀለምና ቅርጽ ብቻቸውን ይናገራሉ። በሁለቱ መካከል፣ በሰው ሥቃይና በንጹሕ ቀለም መካከል፣ ዕድሜውን ሙሉ ሲመላለስ ኖሯል።

በ1965 የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሽልማት ድርጅት የሥነ ጥበብ ሽልማት ተሰጠው። ከአንድ ዓመት በፊት ሽልማቱን የወሰደው አፈወርቅ ተክሌ ነበር። ሸላሚዎቹ ገብረ ክርስቶስን የመረጡበት ምክንያት የሰውንና የነገርን መልክ የማይከተለውን ሥዕል ወደ ኢትዮጵያ በማስገባት ረገድ ዋናውን ድርሻ በመያዙ ነው። በ1966 እስክንድር ቦጎስያን ከፓሪስ ተመልሶ በዚያው ትምህርት ቤት ሲያስተምር ሁለቱ አንድ ላይ ሆኑ። እስክንድር ፓሪስ ላይ የኩቤውን ሰዓሊ የዊፍሬዶ ላምን ሥራ አይቶ ነበር። ላም የፒካሶን ኩቢዝም ወስዶ የአፍሪካን መንፈስ መልሶ የሰጠው ሰው ነው። እንዲህ አንዱ ከኮሎኝ፣ አንዱ ከፓሪስ፣ ሁለት የዘመናዊ ሥዕል መንገዶች አዲስ አበባ ላይ በአንድ ግቢ ተገናኙ። በዚያ ትምህርት ቤት በዚያ ዘመን ከተማሩት ውስጥ ዘሪሁን የትምጌታና እዚህ ካሊፎርኒያ የሚሠራው ወሰኔ ወርቄ ኮስሮፍ ስማቸው ዓለም አቀፍ ሆኗል። የወሰኔ ሥዕሎች የግዕዝ ፊደላትን ሰባብረው እንደገና የሚገጣጥሙ ናቸው፤ የአለቃ ደስታ ልጅ ያስተማረበት ቤት ፍሬ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም።

በግጥሙም ያው ሰው ነበር። የተለመደውን የቤት አመታትና የስንኝ ልክ እየሰበረ፣ አንዱን መስመር አስረዝሞ ሌላውን በአንድ ቃል እያስቀረ፣ ወረቀቱን እንደ ሸራ ይጠቀምበት ነበር። «የጠፈር ባይተዋር» የሚለው ግጥሙ የአማርኛን ግጥም ከምድር አንስቶ ሕዋ ውስጥ ያንሳፈፈ ነው። ገጣሚው ሰሎሞን ዴሬሳ በ1960ዎቹ ስለ ሥራው በሰፊው ከጻፉት ቀዳሚው ነበር።

የማን ጥበብ ነው?

አሁን የፈረንጅ ነው ወደሚለው ክስ ልመለስ። ከሳሾቹ ከረቂቁ ሥዕል ይልቅ የኛ ነው የሚሉት ሰውን ፎቶግራፍ አስመስሎ የሚያሳየውን አሣሣል ነው። ለመሆኑ እርሱ ከየት መጣ? አገኘሁ እንግዳ በ1926 ፓሪስ ተልኮ በ1933 ተመልሶ ነው ያን አሣሣል ያጠናከረልን። ፓሪስ በዚያ ጊዜ ኩቢዝም ሃያ ዓመት ያለፈው ከተማ ነበረች፤ የእኛ ሰው ግን የተማረው በአሮጌው የአካዳሚ ሥርዓት ነው። ስለዚህ ፎቶ መሳዩ ሥዕልም በመርከብ የመጣ ነው፤ ቀድሞ ስለመጣ ብቻ ባለ አገር መሰለ።

የጥንቱ የቤተ ክርስቲያን ሥዕላችን ግን መስኮት ሆኖ አያውቅም። የራቀውን አያሳንስም፤ የሚያከብረውን ነው የሚያተልቀው። የአንድን ታሪክ መጀመሪያና መጨረሻ ጎን ለጎን ያቆማል። ጻድቁን ከነሁለት ዓይኑ ፊት ለፊት፣ ክፉውን በአንድ ዓይን በጎን ያሳያል። ይህ የዓይን ሳይሆን የሐሳብ አሣሣል ነው። ኩቢስቶቹ በ1907 ሊደርሱበት የታገሉለትን ነፃነት የጎንደርና የላስታ ሰዓሊዎች በሌላ ምክንያት፣ በእምነት ምክንያት፣ ይዘውት ኖረዋል። ኩቢዝም ከኛ ተወሰደ እያልኩ አይደለም፤ እንዲህ ያለው አጉል ኩራት አይጠቅመንም። የኢትዮጵያዊ ዓይን ለእንዲህ ያለ ሥዕል ባዕድ አይደለም ማለቴ ነው።

ደግሞም የፈረንጅ የሚባለው ነገር ራሱ የፈረንጅ ብቻ አይደለም። ፒካሶ ያንን ሥዕሉን በሚሠራበት በ1907 ፓሪስ፣ ትሮካዴሮ በሚባለው ሙዚየም ከምዕራብና ከመካከለኛው አፍሪካ በቅኝ ግዛት ዘመን የተጋዙ ጭምብሎችን አይቶ ተለውጧል። ወደዚያው ሙዚየም በኋላ ምን እንደገባ ስንቶቻችን እናውቃለን? በ1932፣ ገብረ ክርስቶስ በተወለደበት ዓመት፣ ማርሴል ግሪዮል የሚመራው ከዳካር እስከ ጅቡቲ የተጓዘ የፈረንሳይ ቡድን ጎንደር ደርሶ የአባ እንጦንስን ቤተ ክርስቲያን ጥንታዊ ሥዕሎች ከግድግዳ አንስቶ ወሰደ። በምትካቸው ግልባጭ ሥሎ የሰቀለው ጋስቶን ሉዊ ሩ የተባለ ሰዓሊ ነው። ይህ ሰው ሥራዎቹን ፓሪስ ላይ የሚሸጥለት፣ የኩቢስቶቹ ነጋዴ የነበረው ካንዋይለር ነበር። የቡድኑ ጸሐፊ ሚሼል ሌሪስም የካንዋይለር ቤተሰብ አማች ነው። የጎንደር ሥዕሎች ዛሬ ፓሪስ ኬ ብራንሊ በሚባለው ሙዚየም ይገኛሉ።

እንግዲህ ፍረዱ። ፓሪስ ከአፍሪካም ከጎንደርም ስትወስድ ዘመናዊነት ይባላል፤ የሐረሩ ልጅ ከኮሎኝ ጥቂት ይዞ ሲመለስ ባዕድ አምላኪ ይባላል። ይህ ሚዛን የተዛባ ነው።

በአንድ ዓይን የሚያይ መንግሥት

የባዕድነቱ ክስ አደገኛ ነው ያልኩበት ምክንያት እዚህ ላይ ይመጣል። ይህ ክስ በሐያሲ አፍ ሲሆን ክርክር ነው፤ በመንግሥት እጅ ሲገባ ግን ዱላ ይሆናል። ሂትለር ዘመናዊውን ሥዕል ጀርመናዊ አይደለም አለ። ስታሊን ከ1934 ጀምሮ ሶሻሊስት ሪያሊዝምን ብቸኛ መንገድ አድርጎ ሌላውን ሁሉ ለሕዝብ የማይገባ፣ የቡርዡዋ ጨዋታ ነው ብሎ ዘጋ። ቀኝም ግራም አምባገነኖች በምንም ባይስማሙ በዚህ ተስማሙ፤ ሥዕል አንድ ትርጉም ብቻ ሊኖረው ይገባል፣ እርሱንም እኛ እንወስናለን አሉ።

ፋሺስቶች ከኩቢዝም ምን እንደሚፈሩ ለማየት «ጌርኒካ»ን ማሰብ ይበቃል። የሙሶሊኒ አውሮፕላኖች በሕዝባችን ላይ መርዝ ካዘነቡ ከአንድ ዓመት በኋላ፣ በአፕሪል 1937፣ የጀርመንና የኢጣሊያ አውሮፕላኖች ጌርኒካ የምትባለውን የስፔን ከተማ አጋዩ። ፒካሶ በኩቢዝም ቋንቋ፣ በተሰበሩ አካላትና በሚጮኹ አፎች፣ ያን ግፍ ሳለው። ፎቶ መሳይ ሥዕል የአንድ ቀን እልቂት ባሳየ ነበር፤ ይህ ግን በቦምብ ያለቀውን ሰው ሁሉ፣ የእኛንም የማይጨውንና የተንቤኑን ጨምሮ፣ የሚያስታውስ ሆነ።

ደርግ በ1974 ሥልጣን ሲይዝ የሶሻሊስት ሪያሊዝም ተራ ወደ አዲስ አበባ መጣ። በእኔ ዕድሜ ያለ አዲስ አበቤ ሁሉ በአብዮት አደባባይ ተሰቅለው የነበሩትን የማርክስን፣ የኤንግልስንና የሌኒንን ግዙፍ ምስሎች ያስታውሳል። ጡንቻው የፈረጠመ ወዛደር፣ ማጭድ የያዘች ሴት፣ ወደ አንድ አቅጣጫ የሚያዩ ዓይኖች፤ ከዚያ ውጭ ለመሣል ቦታ አልነበረም። በ1977ና በ1978 ቀይ ሽብር ሬሳ በየመንገዱ ሲጥል፣ ሥቃይን በቀይ ቀለም ይሥል የነበረው ሰው በዚያች ከተማ ነዋሪ ነበር።

ይህ ጸሐፊ በኋላ፣ ሥርዓቱ ከተለወጠ ወዲህ፣ በመንግሥት ጋዜጣ አዘጋጅነት አገልግሏል። ሰንደቁና መፈክሩ ተለውጦ ነበር። ስለ አንድ ሥዕል ከላይ የሚመጣው የስልክ ጥያቄ ግን አልተለወጠም፤ ይህ ማንን ለመንካት ነው የሚል ነበር። ትርጉሙ አንድ ያልሆነ ሥዕል ባለሥልጣንን ዕረፍት ይነሳዋል። ረቂቅ ሥዕል መፈክር ስለሌለበት ፖለቲካ የለበትም የሚሉ ወዳጆቼ ይህን ቢያስቡበት ደስ ይለኛል። ተመልካቹ ራሱ አስቦ እንዲፈርድ የሚያደርግ ነገር፣ ሐሳብን ሁሉ ቀድሞ ላሰበ መንግሥት ትልቁ ተቃዋሚ ነው።

ላውተን

በ1970ዎቹ መጨረሻ ገብረ ክርስቶስ አገሩን ለቆ ወጣ። ዳግመኛ ጀርመንን ረገጠ፤ የመጀመሪያው ጊዜ ግን ተማሪ ሆኖ፣ መመለሻ አገር ይዞ ነበር፤ አሁን ስደተኛ ሆኖ ነው። ከዚያ ወደ አሜሪካ ተሻገረ። የ1980ው የአሜሪካ የስደተኞች ሕግ ወጥቶ የእኛ ሰዎች በብዛት መግባት የጀመሩበት ሰሞን ነበር። ያን ጊዜ ፌርፋክስ ላይ ትንሿ ኢትዮጵያ የለችም፤ ማኅበሩም፣ ሬስቶራንቱም፣ ቤተ ክርስቲያኑም ዛሬ እንዳለው አልነበረም። የደረሰባት ላውተን ደግሞ ፎርት ሲል የተባለው የጦር ሰፈር አጠገብ ያለች የደቡብ ምዕራብ ኦክላሆማ ከተማ ናት። ገና ኑሮውን ሳያደላድል በማርች 1981 ሞት ቀደመው።

በወጣትነቱ በግጥም የናፈቃትን አገር በሁለተኛው ስደቱ አላገኛትም። የመጀመሪያው ናፍቆት የተስፋ ናፍቆት ነበር፤ ሁለተኛው መንገድ የተዘጋበት ሰው ናፍቆት ነው። ልዩነቱን ለዚህ ገጽ አንባቢ ማብራራት ለቀባሪው ማርዳት ይሆንብኛል።

ሥራዎቹ ግን ሰውየው ያልቻለውን ጉዞ ተጓዙ። ግጥሞቹ ተሰብስበው በ2006 «መንገድ ስጡኝ ሰፊ» በሚል ርዕስ አዲስ አበባ ላይ ታተሙ። በ2008 በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሥር በስሙ የተሰየመ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ተከፈተ፤ ጀርመን አገር ተቀምጠው የቆዩ ሥዕሎቹም በጀርመኖች ትብብር ወደዚያ ተመለሱ። ሙዚየሙን የመሩት ዶክተር ኤልሳቤጥ ወልደ ጊዮርጊስ በ2019 ስለ ኢትዮጵያ ዘመናዊ ሥነ ጥበብ ባሳተሙት መጽሐፍ ለእርሱና ለእስክንድር የሚገባቸውን ስፍራ ሰጥተዋል። እስክንድርም በ2003 በዋሽንግተን አርፏል። የዘመናዊ ሥዕላችን ሁለቱም ዓምዶች አሜሪካ ምድር ላይ መውደቃቸው ስለ አገራችን ታሪክ ብዙ ይናገራል።

ከእኛ ምን ይጠበቃል?

ብዙዎቻችን በየቤታችን ያለውን አናውቅም። ከ1960ዎቹና ከ1970ዎቹ አዲስ አበባ የወጡ ቤተሰቦች እጅ የኤግዚቢሽን መጥሪያ፣ ፎቶግራፍ፣ ደብዳቤ፣ የተቀዳ ካሴት፣ ምናልባትም አንድ ሁለት ሥዕል ይኖራል። ባለቤቶቹ እያረጁ ነው። ልጆቻቸው አማርኛ ስለማያነቡ ነገ ቤቱ ሲሸጥ ወረቀቱ ቆሻሻ ውስጥ ይገባል። ስለዚህ ያለን ሁሉ ዛሬውኑ ፎቶ አንስተን፣ ማን እንደሠራው፣ መቼና ከማን እንደተገኘ ጽፈን፣ ቅጂውን በስሙ ለተሰየመው ሙዚየም ብንልክ ገንዘብ የማይጠይቅ የአገር አገልግሎት ነው። የወላጆቻቸውን ፖለቲካ ሰምተው የሰለቹ ልጆቻችንንም ዊልሸር ድረስ ወስደን ኩቢስቶቹን ብናሳያቸው፣ ቀጥለንም የአለቃ ደስታን ልጅ ታሪክ ብንነግራቸው፣ ከስብሰባ አዳራሽ ንግግር ይልቅ ይዘውት ይሄዳሉ።

ከሁሉ በላይ ግን ከገብረ ክርስቶስ ሕይወት የምንወስደው አንድ ነገር አለ። እኛ ስደተኞች አምባገነንን እየተቃወምን፣ በመካከላችን ግን አንድን ነገር ከሌላ ጎን የሚያይ ወገን ሲነሳ ባንዳ፣ ሰርጎ ገብ፣ የፈረንጅ ቅጥረኛ ለማለት እንፈጥናለን። በአንድ ዓይን ማየት የመንግሥት ብቻ በሽታ አይደለም። አንድ ጀበና እንኳን ስንት ጎን አለው፤ አገር የሚያህል ነገር እንዴት አንድ ጎን ብቻ ይኖረዋል? ያ ሰው የለመነው ሰፊ መንገድ ለራሱ ሥዕል ብቻ አልነበረም። አገር ቤት ሳለ ጠበበበት፣ ስደት ላይ ጊዜ አጠረው። ቢያንስ እኛ በምንሰበሰብበትና በምንጽፍበት ስፍራ መንገዱን አናጥብበው።

ቸር ያሰንብተን።